ደረቅ ቼክ፣ ደረቅ ወንዝ

ባለፈው ሳምንት የሕንፃ መሣሪያ ሱቅ ያለውንና ዕዳውን ለማስመለስ የከሰሰውን ጎረቤቴን አጅቤ ፍርድ ቤት ውዬ ተመለስኩ። ከዚያ ወዲህ ለድሬዳዋ ተበዳሪዎች ያደረብኝ አክብሮት እንቅልፍ ነስቶኛል።

የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ የዋህ ነበር። ቼክ ወይም የተፈረመ ውል ይዞ ልኩ የታወቀ ገንዘብ ብቻ የሚጠይቅ ሰው በቁጥር 284 መሠረት በአጭር ሥነ ሥርዓት ይክሰስ፤ ተከሳሹም ዘው ብሎ አይከራከርም፣ መጀመሪያ መከላከያውን በቃለ መሐላ ገልጾ ያስፈቅድ አለ። መሐላ ሲባል ሰው የሚደነግጥ መስሎት ነው።

እኛ ዘንድ ማስፈቀጃ፣ ማለትም ይህ የመሐላ ማመልከቻ፣ ራሱን የቻለ የድርሰት ዘርፍ ሆኗል። ጀማሪው «ቼኩን የሰጠሁት ለመያዣ ነው» ይላል። የንግድ ሕጉ ቼክ እንደቀረበ ይከፈላል ቢልም፣ በዚህች ከተማ ቼክ እንደ ፎቶግራፍ ለማስታወሻ ይሰጣል። መካከለኛው «ፊርማው የእኔ ነው፣ እጄ ግን የእኔ አልነበረም» እስከማለት ይራቀቃል። የጎረቤቴ ተበዳሪ ግን የጥበቡ ቁንጮ ነው።

ራፖር ጸሐፊው በሦስት ገጽ ያሰፈረለትን ማሳጠር ግፍ ነው። 300 ኩንታል ሲሚንቶ በዱቤ ወስዷል፤ ይህን አይክድም፣ ጨዋ ነው። ሲሚንቶውን ግን ታኅሣሥ ላይ ከተማችንን የሚያቋርጠው የደቻቱ ወንዝ ወሰደው። ታኅሣሥ! ልጆች ድንጋይ ጎል አድርገው ኳስ በሚጫወቱበት፣ ፍየል ጥላ አጥታ በምትንከራተትበት አሸዋ ላይ። ጎርፉ ከሌሊቱ 9 ሰዓት መጣ፤ የመጋዘኑን በር ሳይነካ፣ የጎረቤቱን ጤፍ ሳያርስ፣ ዘበኛውን ሳይቀሰቅስ 600ውን ከረጢት ቆጥሮ ተረከበና ሄደ። ደረሰኝ አለመስጠቱ ብቻ ቅር ያሰኛል። በተራ ቁጥር 7 ደግሞ «ቀሪው ሲሚንቶ በእርጥበት ስለደረቀ ከሳሽ ይካሰኝ» ይላል። ሁሉም ከሄደ ቀሪው ከየት መጣ? ይህን የሚጠይቅ ድርሰት የማይገባው ሰው ነው። በተራ ቁጥር 9 ላይ ዕዳውን ድሮ ከፍሎታል።

እዚህ ላይ ሳቄ አለቀ። በ1998 ዓ.ም. ክረምት ደቻቱ በእውነት መጥቶ ነበር። በአንድ ሌሊት ከ200 በላይ ሰው ጨረሰ፤ ቤተሰቡን ያጣ ሰው ዛሬም በየሰፈራችን አለ። በዚያ ወንዝ ስም ምሎ የሲሚንቶ ዕዳ መሸሽ ነውር ነው። የጻፈውም የፈረመውም ሊያፍሩ ይገባል። የተበላሸ ዕቃ ተጭኖበት እውነተኛ መከላከያ ያለው ነጋዴ እንኳ፣ አፉን ሲከፍት እንደ ውሸታም የሚታየው በእነዚህ የተነሳ ነው።

ወደ ምስጋናዬ ልመለስ። መዝገቡ ለትእዛዝ ተቀጠረ። ኮሪደሩ ላይ ተበዳሪው ጎረቤቴን እንደ ወንድም አቅፎ ሳመውና «አቦ፣ እኔና አንተን ፍርድ ቤት ምን አመላለሰን? በሽማግሌ አናልቀውም?» አለው። ቀጥሎ ቀጠሮውን የሚጽፍበት እስክሪብቶ ተዋሰው። ጽፎ ሲጨርስ በደረት ኪሱ ሰካትና ወደ ከዚራ የሚሄድ ባጃጅ ጠራ። ጎረቤቴ ሊጠይቀው እጁን ዘረጋ፤ ትንሽ አሰበና መልሶ ኪሱ ከተተው።