ይድረስ መልሳቸው ተከቦ ለመጡት ለጋሽ ወረቀት

ጉዳዩ፦ ከጥናት ጠረጴዛ እንዲነሱልን ስለመጠየቅ

ጋሽ ወረቀት፣ ለጤናዎ እንደምን ሰነበቱ? ድካምዎን እናውቃለን። ከደሴ ፒያሳ ፎቶ ኮፒ ቤት ይወጡና በሐይቅ አድርገው ወልዲያ ይገባሉ፤ ሐረጎን ወርደው ኮምቦልቻ ያድራሉ፤ ከሚሴም ይታያሉ። የደረሱበት ሁሉ አንዱ ያባዛዎታል፣ ከተባዛው ደግሞ ሌላው ያባዛል። ድሮ የኢንትራንስ ፈተና ነበሩ። አሁን የግልባጭ ግልባጭ ሆነው፣ ከየጥያቄው ሥር አንዱ ፊደል በእስክርቢቶ ተከቦብዎት፣ በ«መለማመጃ» ስም በየቤቱ ይዘልቃሉ። የከበበው ሰው ማን እንደሆነ አይታወቅም። ስንት እንዳመጣማ ባይነሳ ይሻላል።

በእኛ በወሎ ለተፈታኝ የሚደረገው ዱዓ አጭር ነው፦ «ይግለጥልህ»፣ «ይግለጥልሽ»። ቡና ሲፈላ አንዴ ይባላል፣ ልጁ ደብተሩን ይዞ ሲወጣ ይደገማል። እናት ይህን የምትለው ልጇ ጽፎ፣ ሰርዞ፣ ታግሎ በመጨረሻ መንገዱ እንዲታየው ነው። እርስዎ ግን ዱዓውን ቃል በቃል ወሰዱትና ጥያቄው ሳይነበብ መልሱን ገልጠው ቁጭ አሉ። ልጁ ጥያቄውን ይጀምራል፣ ዓይኑ ሳይታዘዝ ሲ ላይ ያርፋል፣ ወደ ሲ የሚያደርስ የሚመስል ነገር በሐሳቡ ያዞርና «አዎ፣ ገብቶኛል» ብሎ ያልፋል። በአንድ ምሽት 65 ጥያቄ «ተሠራ»። ሌላው ሲጎርስ እያዩ ጠገብኩ ማለት ይህ ነው። ባዶ ወረቀት አምጥተው ያንኑ ጥያቄ ስጡትና ሁለተኛው መስመር ላይ ይቆማል።

እስኪ ከመልክዎ እንጀምር። ፎቶ ኮፒ ሲደጋገም ቀድሞ የሚጠፋው ቀጭን ቀጭኑ ነው፤ ሒሳብ ላይ ደግሞ ነገር የሚወስነው ይኸው ቀጭኑ ነው። 2⁻³ የነበረው ሰረዟ ስትረግፍ 2³ ይሆናል። ትክክለኛው መልስ 1/8 ነው፤ ልጁ 8 ያገኛል፤ 8ም ከምርጫዎቹ መካከል ተቀምጦ ይጠብቀዋል። ሎግ₂8 ላይ ዝቅ ያለችው 2 ሽቅብ ስትወጣ ሎግ 28 ይነበባል። የመጀመሪያው 3 ነው፣ በቃል ይሠራል። ሁለተኛው ግን ካልኩሌተር በማይገባበት ፈተና ላይ ለምን እንደተጠየቀ እያብሰለሰሉ ሩብ ሰዓት ያስበላል። የስር ምልክቱ ጣሪያ ሲቆረጥማ ተውት፦ √(ኤክስ + 9) የነበረው √ኤክስ + 9 ይሆናል። ኤክስ 16 ከሆነ የፊተኛው 5፣ የኋለኛው 13። በእርስዎ ምክንያት ራሱን «ሒሳብ አይገባኝም» ብሎ የፈረጀ ስንት ልጅ አለ! መልሱ ከአራቱ ምርጫ ከአንዱም ጋር አልገጥም ሲል ተፈታኙ ራሱን ከመስደቡ በፊት የእርስዎን ፊት በብርሃን አይቶ፣ ከመማሪያ መጽሐፉ ተመሳሳይ ጥያቄ አውጥቶ ምልክቱን ቢያመሳክር ደግ ነው።

ወደ ክበብዎ እንምጣ። አንዱ ጥያቄዎ ሎግ₂ኤክስ + ሎግ₂(ኤክስ − 2) = 3 ይላል። ሁለቱ ሎጎች ሲደመሩ ውስጣቸው ይባዛል፤ ኤክስ(ኤክስ − 2) = 2³ ይመጣል። ተዘርዝሮ ኤክስ² − 2ኤክስ − 8 = 0፣ ፋክተር ሲደረግ (ኤክስ − 4)(ኤክስ + 2) = 0። እዚህ ድረስ ከባቢዎ ጎበዝ ነበር። ቀጥሎ «4 እና −2» የሚለውን በደማቁ ከበበና አረፈ። −2ን መልሰው ቢያስገቡት የሚመጣው ሎግ₂(−2) ነው፤ በሪል ቁጥሮች ደግሞ የኔጋቲቭ ሎግ የለም። መልሱ 4 ብቻ ነው። ሎግም ሆነ የስር ምልክት ያለበት ኢኩዌሽን ላይ የተገኘውን ቁጥር ወደ መጀመሪያው ጥያቄ መልሶ ማስገባት የሥራው ግማሽ ነው፤ የወጣው ኳድራቲክ ከመጀመሪያው ጥያቄ ይልቅ ሰፊ ስለሆነ የማይገባውን እንግዳ ይዞ ይመጣል። ይህን የማጣራት ልማድ ደግሞ መልሱን አስቀድሞ ያየ ሰው አያወጣውም፤ ምን ሊያጣራ!

ከዚህ የባሰው 1/(ኤክስ − 2) > 1 የሚለው ላይ የፈጸሙት ነው። ከባቢዎ ግራና ቀኙን በ(ኤክስ − 2) አባዝቶ 1 > ኤክስ − 2 አለ፤ ስለዚህ ኤክስ < 3፤ ቢ ተከበበች። አንድ ደቂቃ ይስጡንና ኤክስን 0 እናድርገው። 0 ከ3 ያንሳል፤ ነገር ግን 1/(−2) ከ1 አይበልጥም። ታዲያ የት ላይ ተሰነጠቀ? ኤክስ − 2 ኔጋቲቭ ሊሆን ይችላል፤ በኔጋቲቭ ሲባዛ የማነጻጸሪያው ምልክት ይገለበጣል፤ ኔጋቲቭ ይሁን ፖዘቲቭ ሳይለዩ ደግሞ እንደዋዛ ማባዛት የለም። ደህናው መንገድ 1ን ወደ ግራ ማምጣት ነው፦ (3 − ኤክስ)/(ኤክስ − 2) > 0 ይሆናል። 2 እና 3 በቁጥር መስመር ላይ ይቀመጡና ሦስቱ ክፍሎች በአንድ አንድ ቁጥር ይፈተሻሉ። በ0 ኔጋቲቭ፣ በ2.5 ፖዘቲቭ፣ በ4 ኔጋቲቭ። መልሱ 2 < ኤክስ < 3 ነው። ይህ ሁሉ ሲሠራ አቦሉ ወርዶ ቶናው አይደርስም።

አንድ ምስጢር እንንገርዎት፤ እርስዎን የሚያንገበግብዎት ይመስለናል። ያልተከበቡት ፊደሎች ከተከበበው ይበልጣሉ። ፈተና አውጪ የተሳሳቱ ምርጫዎችን ከሜዳ አያመጣቸውም፤ ተማሪ የሚሳሳተውን ስህተት ሠርቶ የሚደርስበትን ቁጥር ነው የሚጽፈው። (3ኤክስ² + 1)⁵ ደሪቬቲቩ ምንድን ነው ተብሎ ሲጠየቅ 5(3ኤክስ² + 1)⁴ የሚለው የተቀመጠው የውስጡን ደሪቬቲቭ 6ኤክስን ለሚረሳ ነው። 30ኤክስ(3ኤክስ² + 1)⁵ የቆመው 6ኤክስን አስታውሶ ፓወሩን መቀነስ ለሚዘነጋ ነው። 5(6ኤክስ)⁴ ደግሞ የውስጡን ደሪቬት አድርጎ እዚያው ውስጥ ለሚከተው ነው። ትክክለኛው 30ኤክስ(3ኤክስ² + 1)⁴ ሲሆን፣ ሦስቱ ሌሎች ምርጫዎች ሦስት የተለያዩ በሽታዎችን የሚነግሩ ናቸው። ባዶ ወረቀት ላይ የሠራ ልጅ ስህተቱ የትኛው ምርጫ ላይ እንደጣለው ያያል፤ የትኛው ስህተት የእሱ እንደሆነ ያውቃል። በእርስዎ የተለማመደ ግን አንድ ፊደል ያያል፤ ያቺ ፊደል ደግሞ በሌላ ፈተና ላይ ቦታ ቀይራ ስትመጣ አታውቀኝም ትለዋለች።

ጂኦሜትሪክ ሲሪስ ላይ ያለብዎትን ነውር በአጭሩ እንለፈው። እስከ ኢንፊኒቲ ሲደመር የመጀመሪያውን ቁጥር ለ(1 − አር) ማካፈል የሚሠራው አር፣ ማለትም አንዱ ቁጥር ከፊቱ ለነበረው ሲካፈል የሚመጣው፣ ከ−1 እና ከ1 መካከል ሲሆን ብቻ ነው። 1 + 2 + 4 + 8 እያለ የሚሄደውን በዚሁ ፎርሙላ ገብተው −1 አግኝተው ከበቡት። ፖዘቲቭ ቁጥር እየደመሩ ከዜሮ በታች መውረድ የእርስዎ ብቻ ችሎታ ነው።

ዕድሜዎንም ማንሳት ግድ ይለናል፣ ይቅር ይበሉን። ሥርዓተ ትምህርቱ ከተቀየረ ወዲህ ሊኒየር ፕሮግራሚንግ የ12ኛ ክፍል ምዕራፍ ነው፤ እርስዎ ግን በቆየው ጊዜ የታተሙ ስለሆኑ ይህን በቅጡ አልሰሙም። እንዲህ ያለ ነገር ይመጣል እንበል፦ አንድ የቃሉ ወረዳ ገበሬ ኤክስ ጥማድ ጤፍና ዋይ ጥማድ ማሽላ ይዘራል፤ ኤክስ + ዋይ ≤ 6፣ 2ኤክስ + ዋይ ≤ 8፣ ሁለቱም ከ0 አያንሱም፤ 3ኤክስ + 2ዋይ የሚበልጠው የት ላይ ነው? ብዙው ተማሪ መስመሮቹን ይስልና ዘንጉን የነኩበትን ነጥብ ሁሉ ይሞክራል። (6፣ 0) ላይ 18 ያገኝና ይደሰታል፤ ነገር ግን 2 × 6 = 12 ከ8 በልጧል፣ ነጥቡ ከተፈቀደው ቦታ ውጭ ነው። (0፣ 8)ም 16 ይሰጣል፤ እሱም 6ን አልፏል። የተፈቀደው ቦታ ማዕዘኖች (0፣ 0)፣ (4፣ 0)፣ (2፣ 4) እና (0፣ 6) ናቸው፤ ዋጋቸው 0፣ 12፣ 14፣ 12። መልሱ 14። እንግዲህ ጋሼ፣ አስቀድሞ የመጽሐፉ ማውጫ ተገልጦ ከእርስዎ ውስጥ የትኛው ጥያቄ አሁን እንደሚጠየቅና የትኛው ጡረታ እንደወጣ መለየት አለበት፤ ያለዚያ ልጁ ጡረተኛ ሲያስታምም ክረምቱ ይገባል።

ጥፋቱን ሁሉ በእርስዎ ላይ አንጥልም። ቢሆንም ፈተናው በጥቅምት 2015 ዓ.ም. ወደ ዩኒቨርሲቲ ግቢዎች ሲገባ፣ በዚያው ዙር 50 በመቶና ከዚያ በላይ ያመጣው 3.3 በመቶው ብቻ መሆኑ በተነገረ ጊዜ፣ እርስዎ ቀና ብለው አላዩንም።

የሰዓቱ ነገርም አለ። ሽፋንዎ ላይ 65 ጥያቄ በ3 ሰዓት ከተባለ ለአንዱ የሚደርሰው 2 ደቂቃ ከ46 ሰከንድ ግድም ነው፤ ማጥቆሩም ከዚሁ ላይ ይነሳል። እርስዎ ጋ አንዱ ጥያቄ 15 ሰከንድ ስለሚፈጅ ልጁ ሰዓት የሚተርፈው ይመስለዋል። እውነተኛው ልምምድ የሚጀመረው ስልክ ከክፍሉ ወጥቶ፣ ሰዓት ከፊት ተቀምጦ ነው። በመጀመሪያው ዙር የሚታወቀው ብቻ ይሠራል፤ 3 ደቂቃ ያለፈበት ጥያቄ ምልክት ይደረግበትና ይታለፋል፤ ሲታለፍ ግን ማጥቆሪያው ላይም ያው ቁጥር ክፍት መተው አለበት። አንድ ቁጥር ከተንሸራተተ ከዚያ በታች ያለው ሁሉ ይከተለዋል፤ በየ10ሩ ጥያቄ ቆም ብሎ ቁጥሩን ማመሳከር 5 ሰከንድ አይፈጅም።

እንግዲህ ወረቀት ውድ በሆነበት ዘመን ቅደዱት የሚል ጨካኝ የለም። ሥራ እንሰጥዎታለን። ክበብዎ እንዳይታይ አንድ ሰው ጥያቄዎቹን ብቻ በደብተር ይገለብጣል፤ የሚገለብጠው የሚፈተነው ልጅ አይሁን፤ እህትም ትሁን ጎረቤት። 20 ጥያቄ በአንድ ሰዓት ይበቃል። ሲታረም ግን ፊደል ከፊደል ጋር ማስተያየት አይበቃም፤ የእርስዎ ክበብ ራሱ ተከሳሽ ስለሆነ በማስረጃ ይቅረብ፦ መልሱ ወደ ጥያቄው ተመልሶ ገብቶ ይታይ፣ ኢንቴግራል ከሆነ ምርጫው ደሪቬት ተደርጎ ይታይ።

የተሳሳተው ጥያቄ የስህተት ደብተር ይገባል። በግራ የተበላሸችው መስመር እንዳለች፣ በቀኝ ለምን እንደተበላሸች። እዚህ ላይ «ተሳሳትኩ» ብሎ መጻፍ ምንም አይረዳም። ምልክት ጥሎ ከሆነ መድኃኒቱ በየመስመሩ አንድ እርምጃ ብቻ መጻፍ ነው፤ በአንድ መስመር ሦስት ነገር የሚሠራ ልጅ ሰረዝ ይጥላል። ጥያቄውን በጥድፊያ አንብቦ ከሆነ «የማይሆነው የቱ ነው» በሚለው ሥር ማስመር ነው። ፎርሙላው ጠፍቶት ከሆነ ከየት እንደመጣ አንዴ በእጁ ያውጣው። ጭራሽ አያውቀው እንደሆነ ግን ወደ ምዕራፉ ተመልሶ የተሠሩትን ምሳሌዎች መጽሐፉን ዘግቶ ይሥራቸው፤ 50 ተጨማሪ ጥያቄ አያድነውም። ከሦስት ቀን በኋላ ያው ጥያቄ ደብተሩ ሳይታይ ይደገማል፤ ከሳምንት በኋላ ደግሞ ቁጥሩ ተቀይሮ።

እርስዎ ይህ ሁሉ ሲሆን ጀርባዎ ነጭ ስለሆነ ለጭረት ሥራ ያገለግሉናል። መብራት ሲጠፋም በእርስዎ ላይ የሚያፈጥ ዓይን አይኖርም።

ከሰላምታ ጋር
በደሴና በአካባቢዋ ሒሳብ የምናስጠና

ግልባጭ፦
ለፎቶ ኮፒ ማሽኑ፦ ቀለም እንዲቀየርልዎትና ሰረዝ እንዳይበሉ።
ለማይታወቁት ከባቢ፦ 41ኛው ጥያቄ ላይ ቢም ሲም ስለከበቡ አንዱን መርጠው ከነአሠራሩ እንዲልኩልን፤ እኛ ዲ አግኝተናል።