ቤቱ ሳይፈርስ ይለካ

ቤታቸው ለመንገድ ሥራ የፈረሰባቸው አንዲት የሰፈራችን እናት ፌስታል ይዘው ፍርድ ቤት ይመላለሳሉ። ፌስታሉ ውስጥ ካርታቸው፣ የግብር ደረሰኛቸውና የካሳ ግምት ወረቀታቸው አለ። ግምቱ ላይ ዋናው ቤት ተጽፏል። ጓሮ የነበረው ሰርቪስ ቤትና ማድቤቱ ግን የሉም። «ነበረ» ይላሉ እሳቸው። «ወረቀቱ ላይ የለም» ይላል ቤቱን ያፈረሰው ወገን። ቦታው ዛሬ ተደልድሎ ጠጠር ለብሷል። ታዲያ ዳኛው ምን አይተው ይፍረዱ?

መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው ይላል የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40። ስለዚህ የከተማ ሰው ሙግት በአብዛኛው ስለ አፈሩ አይደለም፤ በላዩ ስላቆመው ነገር ነው። የቆመው ሲፈርስ ማስረጃው አብሮ ይሄዳል። ይኸው አንቀጽ በንዑስ አንቀጽ 8 መንግሥት ለሕዝብ ጥቅም የግል ንብረት ሲወስድ ተመጣጣኝ ካሳ በቅድሚያ መክፈል አለበት ይላል። በቅድሚያ! እኔ ይህችን ቃል ደጋግሜ ነው የማነባት።

ስለ መሬት ማስለቀቅና ካሳ የወጣው የቀድሞው አዋጅ 455/1997 ደግሞ ባለይዞታው በካሳው ላይ ይግባኝ ለማለት ቦታውን ማስረከቡን የሚያሳይ ማስረጃ እንዲያያይዝ ያስገድድ ነበር። መጀመሪያ አስረክብ፣ ከዚያ ተከራከር ማለት ነው። የተካው አዋጅ 1161/2011 ብዙ ነገር አሻሽሏል። በቋሚነት ለሚነሣ ገበሬ የሚከፈለውን የልማት ተነሺ ካሳ ከዓመት ገቢው 10 እጥፍ ወደ 15 እጥፍ አሳድጓል። አቤቱታ ሰሚ አካልና ይግባኝ ሰሚ ጉባኤም አምጥቷል። ጥሩ ነው። ግን አቤቱታ የሚሰማው ኮሚቴም ቢሆን የፈረሰ ግድግዳ መለካት አይችልም።

መፍትሔው ከባድ አይደለም። ገማቹና ባለቤቱ አብረው ይዙሩ። ክፍል በክፍል ፎቶ ይነሣ። ጣሪያው፣ ወለሉ፣ የውኃና የመብራት ቆጣሪው፣ አቮካዶው ሳይቀር ይመዝገብ። ባለቤቱ ካልተስማማ ተቃውሞውን እዚያው ወረቀት ላይ ይጻፍ። ሁለቱም ይፈርሙና አንድ ኮፒ በዚያው ቀን እጁ ላይ ይግባ። ይህ ሰነድ ሳይኖር ቤት ከፈረሰ፣ የማስረዳት ሸክሙ አፍራሹ ላይ ይውደቅ። ቤት አፍርሶ «ለመኖሩ ማስረጃ አምጡ» ማለት ግፍ ነው።

እኚህ እናት መንገዱን አልጠሉም። ባለፈው ቀጠሮ ምስክር ያምጡ ተብለዋል። ጎረቤቶቻቸውም ግን አብረው ተነሥተው ተበታትነዋል፤ አንዱ ገላን ጉራ፣ አንዱ ኮዬ ፈጬ ነው። እስካሁን አንዷን ብቻ በስልክ አግኝተዋታል።