መንገድ መጥፋት ገና በጠዋቱም ይመጣል
«የአልዛይመር (የመርሳት በሽታ) ታማሚ መንገድ የሚጠፋበት በሽታው ከጠና በኋላ ነው» የሚለው ላይ አልስማማም። አቅጣጫ የምንለይባቸው ሂፖካምፐስና አጠገቡ ያለው ኢንቶራይናል ኮርቴክስ ቀድመው ከሚጎዱት የአንጎል ክፍሎች ውስጥ ናቸው፤ እ.ኤ.አ. የ2014ቱ የሕክምና ኖቤልም የተሰጠው እዚያ ያሉትን ቦታ የሚለዩ ሴሎች ላገኙት ነው። እናቴ የሰው ስም ሳትረሳ፣ ወሬዋም ሳይዛባ፣ ደብረ ማርቆስ ውስጥ ዕድሜ ልኳን ከተመላለሰችበት ቤተ ክርስቲያን ስትመለስ ነጠላዋን መስቀለኛ እንዳጣፋች መታጠፊያው ላይ ቆማ ቀረች። ጎረቤት ነው ይዞ ያመጣት። ታማሚዎቹ መንገድ እንዳይጠፋባቸው «በር ቆልፉባቸው» ያልሽው እህቴ፣ ኧረ እባክሽ! የተቆለፈበት ሰው ይብስ ይጨነቃል። እኛ ስልክ ቁጥራችንን ጨርቅ ላይ ጽፈን ቀሚሷ ላይ ሰፋነው፣ ለባለ ሱቁና ለባጃጅ ልጆቹም ነገርናቸው። ቤተ ክርስቲያን አልቀረባትም፣ አንዳችን አብረናት እንሄዳለን። ማታ ማታ ግን አናስወጣትም፤ ሲመሽ ግራ መጋባቱ ይብስባታል።