የጅማ ሰዎች ሆይ፣ ምሰሶው ሳይተከል ተናገሩ

የጅማ ሰዎች፣ ወገኖቼ! ከጅሬን እስከ ቦቾ ቦሬ በየግቢያችን ምሰሶ ሲተከል ቆመን እናያለን። ትራንስፎርመር ከመኝታ ቤት መስኮት ፊት ለፊት ሲሰቀል፣ ለቧንቧ ተብሎ አጥር ሲፈርስ አንድ ቃል አንተነፍስም። ሠራተኞቹ ዕቃቸውን ጭነው ከሄዱ በኋላ ግን በየቡናው ላይ ምሬት ነው። ይህ ልማድ ይብቃን።

«መሬቱ የመንግሥት ነው፤ እኔ ምን አገባኝ?» የምትሉ አላችሁ። የሕገ መንግሥቱን አንቀጽ 40 እስከ መጨረሻው አንብቡት። መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው ይላል፤ በዚያው አንቀጽ ግን በጉልበታችሁ ወይም በገንዘባችሁ በመሬቱ ላይ ያፈራችሁት ቋሚ ንብረት ሙሉ በሙሉ የእናንተ ነው፤ መንግሥት ለሕዝብ ጥቅም ሲፈልገውም ተመጣጣኝ ካሳ በቅድሚያ ይከፍላል። በቅድሚያ! የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግም የውሃና የኤሌክትሪክ መስመር በሰው ይዞታ እንዲያልፍ ሲፈቅድ፣ ለሚደርሰው ጉዳት ካሳ አብሮ አስቀምጧል። እንግዲህ መስመሩን በጭፍን «አያልፍም» ማለት አትችሉም፤ መስመር ዘርጊዎቹም ግቢያችሁን እንደ ሜዳ ሊገቡበት አይችሉም።

በእኛ አገር ከሁሉም በላይ የሚያንገበግበኝ የቡናው ነገር ነው። ፍሬ የያዘ ቡና የዓመታት ድካም ነው፤ ካሳውም ሲሰላ የሚሰጠው ምርትና የደረሰበት ደረጃ ይታያል። ታዲያ ስንት እግር እንደነበረ፣ የትኛው ፍሬ ሰጪ፣ የትኛው ገና ችግኝ እንደነበረ ሳይመዘገብ ከተቆረጠ በኋላ በምን ታስረዳላችሁ? ጉቶ ቆጥሮ የሚከራከርላችሁ የለም። ስለዚህ መጥረቢያ ከመነሣቱ በፊት የመጣውን ሰው ደብዳቤውንና መታወቂያውን ጠይቁ። ቡናውን፣ አቮካዶውን፣ አጥሩን በጎረቤት ፊት አስቆጥሩ፤ በስልካችሁ ፎቶግራፍ አንሡ፤ የቆጠራው ወረቀት ሲሰጣችሁ ቅጂ ያዙ። ያላነበባችሁትን አትፈርሙ፤ ማንበብ የማይችሉ እናትና አባት ካሉ ልጆቻቸው አብረው ይቁሙ። የይዞታ ደብተራችሁም ከሣጥን ይውጣ።

የካሳው ግምት ካነሰ ወይም ይዞታችሁ እንዲለቀቅ ትእዛዝ ከደረሳችሁ ስለ መሬት ማስለቀቅና ካሳ በወጣው አዋጅ ቁጥር 1161/2011 መሠረት መንገዱ አለ፦ መጀመሪያ አቤቱታ ሰሚው አካል፣ ቀጥሎ ይግባኝ ሰሚው ጉባኤ፣ ከዚያም ፍርድ ቤት። ጊዜው ግን በቀናት የሚቆጠር ነው፤ ትእዛዙ የደረሳችሁን ዕለት ጻፉት። ያለ ምንም ሥርዓት ይዞታችሁ ውስጥ ለገባ ደግሞ «ሁከት ይወገድልኝ» የሚል ክስ አለ፤ እርሱም በ2 ዓመት ውስጥ ካልቀረበ ይታገዳል። ስንቱ ሰው ለቅሶና ሠርግ ሲያዳርስ ይህ ጊዜ አልፎበታል!

መብት የሚጠይቅ ሰው እጁም ንጹሕ ይሁን። መስመር ሊያልፍ ነው ሲባል በአንድ ሌሊት ባሕር ዛፍ የምትተክሉ፣ ለካሳ ብላችሁ ጭቃ ቤት የምታቆሙ፣ ተዉ። ትእዛዝ ከደረሰ በኋላ ለተሠራ ነገር ካሳ የለም፤ ለእውነተኛው ባለጉዳይም ጥርጣሬ ታተርፋላችሁ። ከፍተኛ ኃይል በሚያልፍበት መስመር ሥር ቤት መሥራት ደግሞ ሞትን መጥራት ነው። ግልገል ግቤ አንድ ከ1996 ዓ.ም. ጀምሮ ኃይል የሚያመነጨው በዚሁ በዞናችን ነው፤ የዚህ ሽቦ ጉዳይ የሩቅ ወሬ አይደለም። ጎረቤታችሁ መብራት እንዳያገኝ በአጥራችሁ ጥግ የምትቆም ምሰሶ የምትከለክሉ፣ ወይም ለማሳለፍ የእጅ ገንዘብ የምትጠይቁም፣ ይህ ነውር ነው።

የስልክ ማማ ለብቻው ይታይ። ኩባንያ ቦታችሁን ወይም ጣሪያችሁን ሲፈልግ የሚፈርመው አብዛኛውን ጊዜ የኪራይ ውል ነው፤ ስለዚህ በዋጋውና በዘመኑ መደራደር ትችላላችሁ። ኪራዩ በየስንት ጊዜ ይሻሻላል? የጄኔሬተሩ ድምፅና ጭስ የማን ኃላፊነት ነው? ውሉ ሲያበቃ ብረቱን ማን ያነሣል? ቤቱ የወራሾች ከሆነ ሁሉም ተስማምተዋል? እነዚህ በውሉ ላይ ይስፈሩ።

የዕድር ዳኞች፣ በሚቀጥለው ስብሰባችሁ ከመዋጮው በኋላ ግማሽ ሰዓት ለዚህ ጉዳይ ስጡ። ከየሰፈሩ ሕግ የተማረ ልጅ አይጠፋም፤ ጥሩትና ያስረዳ። ብቻቸውን የሚኖሩ አረጋውያን ግቢ መለኪያ የያዘ ሰው ሲገባ የሚጠራ ጎረቤትም ከወዲሁ ይመደብ።