«ሕዝቡ አይገባውም» የተባለው የቆሼ ፊልም

ሰሞኑን አየር ጤና አካባቢ በአንዲት ጠባብ አዳራሽ የወጣቶች አጫጭር ፊልሞች ለግምገማ ቀርበው ነበር። አንዱ የቆሼን አደጋ፣ የአዲስ አበባው የቆሻሻ ክምር ሰው ላይ የተናደበትን፣ ያነሳል። ንግግር የለውም። ጭቃ የዋጠው ጫማ፣ ያልተነጠፈ አልጋ፣ ከዚያ መልሶ ያው ጫማ። ድምፁ ድንገት ጭጭ ይላል። ገምጋሚው ጣሉት። «ታሪክ የለውም። ይሄ የፈረንጅ ነገር ነው፤ የእኛ ሕዝብ አይገባውም» አሉ።

የእኛ ሕዝብ! ለመሆኑ እኚህ ሰው ለቅሶ ደርሰው ያውቃሉ?

አልቃሿ ሙሾ ስታወርድ የሟቹን ታሪክ ከልደቱ ጀምራ በተራ ትተርካለች እንዴ? ከልጅነቱ ዘላ ሬሳው ላይ ትወድቃለች። «ተነስ እንጂ» ትለዋለች። መልሳ ሠርጉ ላይ ትወስደናለች። በገጠር ደግሞ የሟቹ ፈረስ ተጭኖ፣ ጋሻውና ልብሱ ተይዞ በለቀስተኛው መሀል ይዞር ነበር። ባለቤቱ የለም። ባዶ ኮርቻ ብቻ። ያንን ማንም ቆሞ አላስረዳም፤ ኮርቻው ሲያልፍ ግን ሰዉ በእንባ ይታጠባል። አያቶቻችን ካሜራ ሳያዩ ሐዘንን በምስል ይናገሩ ነበር። ሰልስት፣ አርባ፣ ሰማንያ፣ ሙት ዓመት የምንለውስ? ሐዘን ቀጥ ብሎ ሄዶ አያልቅም፤ እየዞረ ይመጣል ማለት እኮ ነው። ያ ጫማ ተመልሶ የመጣው ለዚህ ነው።

የኃይሌ ገሪማን «ጤዛ» ፊልም ያየ ሰው ይህን ያውቃል። ዋናው ገጸ ባሕርይ አንበርብር ያሳለፈውን መከራ በተቆራረጠ ትዝታና በቅዠት ነው የምናገኘው። ያ ፊልም የማን ነው? የፈረንጅ ነው?

መጋቢት 2 ቀን 2009 ማታ የቆሻሻው ክምር ተንዶ ከ110 በላይ ሰው ገደለ። ከነቤታቸው የተቀበሩ አሉ። ይህን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ አሰካክቶ መተረክማ የዜና ሥራ ነው። ዜናውን ያኔ ሰምተናል። የሦስት ቀን ብሔራዊ ሐዘን ታወጀ፣ አለቀ። እዚያ ሰፈር ግን አላለቀም።

ግራ ማጋባትን እንደ ጥበብ የሚቆጥር ፊልም ሠሪ የለም አልልም። ይሄኛው ልጅ ግን ከዚያ ወገን አይደለም።

ደግሞ ገምጋሚው ከፊት ስለተቀመጡ አላዩም እንጂ፣ ከእኔ አጠገብ የነበሩ እናት አልጋው ሲታይ ነጠላቸውን አዘቀዘቁ። ማንም አልነገራቸውም። አልገባቸውም ይበሉኛ!

ፊልሙ ይመለስ። እዚያው አዳራሽ ይታይ፤ የፊት ወንበሩም ለቆሼ ሰዎች ይለቀቅ።