ክብር ለሽቦ ጠላፊዎቻችን

አዳማ እየኖሩ ለመብራት መክፈል ነውር ነው። እስቲ ወደ ኮረብታው ቀና በሉ። አንዱ ጣቢያ 51፣ ሁለተኛው 153 ሜጋ ዋት እንዲያመነጩ የተተከሉት የነፋስ ተርባይኖች ይሽከረከራሉ። ወረድ ስትሉ ደግሞ የቆቃ የኃይል ማመንጫ ግድብ አለላችሁ። ነፋሱ የእኛ፣ አቧራው የእኛ፣ ታዲያ መብራቱ ብቻ ለምን በቆጣሪ ይሆናል? ይህን ግፍ ያረሙልንን ሽቦ ጠላፊዎች የሚያመሰግን ሰው እስከ ዛሬ አለመገኘቱ ያሳዝናል።

ሥራቸውን ጠጋ ብላችሁ እዩት። ከፖሉ የተጠለፈው ሽቦ በባህር ዛፍ እንጨት ተደግፎ፣ የጎረቤት ቆርቆሮ እየታከከ ጓሮ ያሉት ሰርቪስ ቤቶች ውስጥ ይገባል። መጋጠሚያው ላይ ቴፕ የለም፤ ጥቁር ፌስታል ተጠቅልሎ በሲባጎ ታስሯል። ክረምት ሲገባ ፌስታሉ ውሃ ይቋጥራል። የልብስ ማስጫው ሽቦም እዚያው ቆርቆሮ ላይ፣ በዚያው ሚስማር ነው የታሰረው። ቁጠባ ይሏል ይሄ ነው!

የዘለሉት ቆጣሪውን ብቻ እንዳይመስላችሁ። አደጋ ሲመጣ መስመሩን የሚቆርጠውን አውቶማቲክም አብረው ዘለውታል፤ ምጣድ በተጣደ ቁጥር እየጠፋ ሰው ያስቸግራላ። ያመለጠውን ከረንት ወደ መሬት የሚያወርደው ኧርዝማ የሀብታም ቅንጦት ነው። ባለ 60 ዋት አምፖል ከሚስበው ከረንት ግማሹ ሰው ለመግደል ይበቃል የሚባለውም ሟርት ነው። አከራያችን ግን ደግ ናቸው፤ ከፖል ለጠለፉት መብራት ከየተከራዩ በየወሩ "የመብራት" ብለው ሂሳብ ይሰበስባሉ፣ ምጣድ ላለው ጨመር አድርገው።

እንግዲህ አንድ ቀን ልብስ ልታሰጣ የወጣች ልጅ እዚያው ትቀራለች። የሰፈራችን ብስለት የሚታየው ይሄኔ ነው። ፖሊስ ሳይደርስ ሽቦው ይወርዳል። ለቅሶው ሳይበርድ "ቀኗ ደርሶ ነው" የሚለው ፍርድ ይሰጣል፣ ይግባኝ የለውም። አከራዩ ድንኳን ያስተክላሉ፣ የቀብሩን ወጪ ይችላሉ፣ ከእናትየዋ በላይ ያለቅሳሉ። "እንዲህ ያለ ሩኅሩኅ ሰው የት ይገኛል?" እንባባላለን። ከዚያ ሽማግሌ ይላካል፤ ቤተሰቡ "ክስ አንፈልግም" ብሎ ይፈርማል፣ ነገሩ በይቅር ለእግዚአብሔር ይዘጋል።

ሰላማችንን የሚያደፈርሰው ሕጉ ነው። በ1996 የወጣው የወንጀል ሕግ አንቀጽ 543 እንዲህ ያለውን ነገር ቀን መድረስ ሳይሆን በቸልተኝነት ሰው መግደል ይለዋል። መነሻው ከ6 ወር እስከ 3 ዓመት ቀላል እስራት ወይም መቀጮ ነው። ሟቾቹ ሁለትና ከዚያ በላይ ከሆኑ፣ ወይም ሰውየው የሚመጣውን ከቁም ነገር ሳይቆጥር በግልጽ የተደነገገን ደንብ ሆን ብሎ ከጣሰ ግን (ሽቦ ጠለፋ ታዲያ ሌላ ምንድን ነው?) ከ5 እስከ 15 ዓመት ጽኑ እስራት ነው፣ መቀጮው ሳይቀር። ይባስ ብሎ አንቀጽ 58 አለ። ሰው ሊሞት እንደሚችል እያወቀ "የመጣው ይምጣ" ብሎ ያደረገው ሰው አስቦ እንዳደረገ ይቆጠራል ይላል። ይሄ ከተረጋገጠ ደግሞ ቸልተኝነት መባሉ ይቀርና ተራ የሰው ግድያ ይሆናል፣ ከ5 እስከ 20 ዓመት። ያ ሁሉ የተፈረመበት ወረቀትም ዐቃቤ ሕግን አያስቆመውም፤ ክሱ የቤተሰቡ አይደለም፣ የመንግሥት ነው።

ቆጣሪ ማስገባት አሰልቺ ነው፣ እሱን ማንም አይክድም። ግን ወረፋ የሰለቸው ሰው ጎረቤቱ ጣራ ላይ ሞት ይዘረጋል የሚል አንቀጽ አላየሁም። ጠልፎ የሰጠው ልጅም ቢሆን እኮ ባለሙያ ነው፤ "እኔ የታዘዝኩትን ነው የሠራሁት" ሲል አንጀት ይበላል። አንድ ሌሊት ፖሉ ላይ ወጥቶ በጥርሱ ሽቦ የላጠ ጀግና እንዴት ይከሰሳል?

ደግነቱ እኛ አለን። መርማሪው ምስክር ፍለጋ ሲመጣ ስለ ሽቦ የሰማ አንድም ሰው አያገኝም። ምጣዱ ጢሱን እያጨሰ፣ ቴሌቪዥኑ እየጮኸ፣ ሰፈሩ በሙሉ ሻማ ተጠቃሚ ነው።