ስኒው ጎጆ ሲሆን

ባለፈው ሳምንት ደሴ፣ እህቴ ቤት ቡና ልጠጣ ቁጭ ብያለሁ። የሰባት ዓመት ልጇ ከረከቦቱ ላይ ሦስት ስኒ አነሳና ቄጠማው ላይ ደፋቸው። «ጎጆ ናቸው» አለኝ። አጠገባቸው ጥሬ ቡና በተነ። በጎቹ መሆናቸው ነው። አንዷን ፍሬ ግን ለብቻዋ ራቅ አድርጎ አስቀመጣት።

«እቺስ?»

«ጠፍታ ነው። እረኛው እየፈለጋት ነው።»

እረኛው የተቃጠለ ክብሪት ነው። የጠቆረው ጫፍ ፀጉሩ።

ቡናው ሲፈላ እናቱ ስኒዎቿን ለቃቅማ ወሰደች፣ ፍሬውንም ጠረገችው። ልጁ ዓይኑ እንባ አቀረረ። «አብሽር፣ ነገ ትሠራዋለህ» አልኩት። ነገሩ ግን ከሆዴ አልወጣም።

ይህንኑ እንጀራው ያደረገ ሰው አለ። ጃፓናዊው ታትሱያ ታናካ ይባላል። እ.ኤ.አ. ከ2011 ጀምሮ እንዲህ ያለ ሥራውን ፎቶ እያነሳ በየቀኑ ኢንተርኔት ላይ ይለቃል። ብሮኮሊ ዛፍ ይሆንለታል። ዳቦ ፈጣን ባቡር ይሆናል። በኮሮና ጊዜ ሰማያዊውን የአፍ መሸፈኛ መዋኛ ገንዳ አደረገው። ዕቃውን አይለውጠውም። ጢንጥዬ ሰዎች አጠገቡ ያቆማል፣ በቃ፣ ያየነው ሁሉ ሌላ ነገር ይሆናል። ሚሊዮኖች ይከተሉታል።

እኛ ሰፈር ይህ ዓይን ሞልቷል። ከሽቦና ከቆርኪ አይሱዙ የሚሠሩ፣ ከሰርዲን ጣሳ ባጃጅ የሚያወጡ ልጆች አሉን። ምን እንላቸዋለን? «ይሄን ቆሻሻ ጣልና አጥና!» እኔም ብያለሁ። አሁን ስህተት እንደነበር አምናለሁ። ያ ልጅ እኮ እያሰበ ነው። ቆርኪውን ጎማ ከማድረጉ በፊት የጎማን ክብነት፣ መሽከርከሩን፣ ልኩን በጭንቅላቱ ጨርሷል።

ደግሞም ወሎ ለዚህ እንግዳ አይደለም። ላሊበላ ሄዳችሁ ቤተ አማኑኤልን ቀረብ ብላችሁ እዩት። ግድግዳው እንደ አክሱም ሕንፃ አንድ ረድፍ ድንጋይ፣ አንድ ረድፍ እንጨት እየተደረደረ የተገነባ ይመስላል። ሲነኩት ግን እንጨት የለም። ሁሉም ያው አንድ አለት ነው። ጠራቢው አለቱን እያየ ሳንቃ ታየው፣ ፈልፍሎም አወጣው። እዚያ በቆምኩ ቁጥር እጄን ግድግዳው ላይ ሳላሳርፍ አልመለስም።

ብዙ አልጠይቅም። መምህራን ክፍል ውስጥ አንዲት መደርደሪያ ለእነዚህ ሥራዎች ይስጡ። ወላጅ ከመጥረጉ በፊት «ይሄ ምንድን ነው?» ብሎ ይጠይቅ፣ በስልኩም ፎቶ ያንሳ።

እህቴ ጠርዛቸው የተሸረፈ ስኒዎች ለልጁ እንድትተውለት ለመንኳት። እሺ አለች። ትናንት ፎቶ ላከችልኝ። ጎጆዎቹ አምስት ደርሰዋል። የጠፋችው በግ አሁንም አልተገኘችም፤ ፈላጊዎቹ ግን ሦስት ሆነዋል።